የአበጋርን ቃል ያሳጠርኩበት ሐሙስ

የምነግራችሁ ዋናው ነገር የሆነው ከሰኞ እስከ ዓርብ ጠዋት ድረስ ነው። ሰው አልሞተበትም፣ ቤትም አልተቃጠለበትም። ቢሆንም ከዚያ ሳምንት በፊት የነበርኩት ሰውዬና ከዚያ በኋላ የሆንኩት አንድ ስላልሆኑ፣ ዕድሜዬ ሳያልቅ ልጻፈው ብዬ ተነሳሁ። ፊደል የቆጠርኩት በመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ነው። ጽሑፌ ቀስ ይላል፤ ታገሱኝ።

ያኔ የሠላሳ ስምንት ዓመት ሰው ነበርኩ። ስሜ ከድር ነው። የምንኖረው ጨፋ ሸለቆ ውስጥ፣ ከከሚሴ በእግር የሁለት ሰዓት መንገድ ላይ ነው። ማሽላና ጤፍ አርሳለሁ፤ በገበያ ቀን ደግሞ በጭነት መኪና ተሳፍሬ ሰንበቴ እሄዳለሁ። እዚያ ሥራዬ የከብት ድለላ ነበር። አፋሩ ከቆላ ከብቱን ነድቶ ይመጣል፣ ደገኛው የእርሻ በሬ ሊገዛ ይወርዳል። እኔ ኦሮምኛውንም አማርኛውንም እኩል እናገራለሁ፣ አፋርኛም ለገበያ የሚበቃኝን ያህል አውቃለሁ። ስለዚህ መሐል እገባለሁ።

ደላላ ቃል ይቀንሳል። ገዢው፣ ይህ በሬህ ቆሞ የሞተ ነው ሲል እኔ ለሻጩ፣ ትንሽ ከስቷል ይላል እለዋለሁ። ሻጩ፣ ይህን ሌባ ከፊቴ አንሳልኝ ሲለኝ ለገዢው፣ ትንሽ ጨመር ያድርግልኝ ብሏል እላለሁ። ይህን እንደ ውሸት ቆጥሬው አላውቅም። ሁለቱም ሳይደባደቡ ወደየቤታቸው ይገቡ ነበር፤ ስንት ዱላ በኔ ምክንያት ሳይነሳ እንደቀረ የማውቀው እኔ ነኝ። ሰውም ለስላሳ አፍ ያለው ይለኝ ነበር፤ ደስ ይለኝ ነበር።

ዓመቱ ረቂቁ ሕገ መንግሥት ለሕዝብ ውይይት የወረደበት ዓመት ነው። ከድርቁ ገና መተንፈሳችን ነበር። ወደ ሰፈራ የተወሰዱት ጎረቤቶቻችን ወሬያቸው አልመጣም። ስብሰባ አለ በተባለ ቁጥር ሰው መጀመሪያ የሚያስበው፣ አሁን ደግሞ ማንን ሊመዘግቡ ነው ብሎ ነው። ወሩ ክረምት መግቢያ ስለሆነ ማሽላው ለሽልሻሎ ደርሶ፣ በቡቃያው መሐል በሬ ተጠምዶ የሚዋልበት ጊዜ ነው።

ከአውራጃው የተላከው ካድሬ ጓድ ታደሰ ይባላል። ዕድሜው ከኔ ያንሳል፣ ካኪ ለብሷል፣ ንግግሩ የተማረ የአዲስ አበባ ሰው ንግግር ነው። ሰኞ ጠዋት ሁለት መቶ የምንሆን ሰዎች የገበሬ ማኅበሩ አዳራሽ ተሰበሰብን። አዳራሽ ይባላል እንጂ የማዳበሪያ መጋዘን ነው፤ ግማሹ ሰው የተቀመጠው ጆንያ ላይ ነው። ጓድ ታደሰ ከጥራዙ እያነበበ አንቀጽ በአንቀጽ አስረዳን። ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲመታ ያቆማል፣ ሲያባራ ይቀጥላል። ብሔረሰቦች ሁሉ እኩል ናቸው፣ ቋንቋቸውም ይከበራል የሚለው ላይ ሲደርስ ድምፁን ከፍ አደረገ። የመንግሥቱ የሥራ ቋንቋ አማርኛ ነው የሚለውን ደግሞ ቶሎ አነበበው። ሸንጎ የሚባል እንደሚቋቋምና ከየአካባቢው ተመራጭ እንደሚገባበት ነገረን። የማኅበራችን ሊቀመንበር ይመር ከጎኑ ተቀምጦ ራሱን ሲነቀንቅ ቆየና በመጨረሻ እንቅልፍ ወሰደው።

ንባቡ አለቀ። የምትደግፉ እጃችሁን አውጡ ተባለ።

አንድም እጅ አልወጣም።

ጓድ ታደሰ ያልሰማን መስሎት ደገመው። ከዚያ የምትቃወሙ አለ። ማንም አላወጣም። ድምፅ የምታቅቡም አለ፤ እሱንም ትርጉሙን ካስረዳን በኋላ ነው። አሁንም ዝም።

“ታዲያ እናንተ ምንድን ናችሁ?” አለ።

ከኋላ ጆንያው ላይ የተቀመጡት ሳቁ። እሱ ግን አልሳቀም። ይመር ነቅቶ ላቡ በፊቱ ላይ ወረደ።

እዚህ ላይ የአገራችንን ሥርዓት ልንገራችሁ። አበጋር የምንላቸው የአስታራቂነት ሥራ ከአባታቸው የወረሱ ሽማግሌዎች ናቸው። ደም የሚያደርቁ፣ የተጣላ መንደር የሚያስታርቁ፣ ዱዓ የሚያደርጉ እነሱ ናቸው። የእኛው አበጋር ሙሄ ያኔ ሰባውን ያለፉ፣ ቀጭን፣ ነጠላቸውን ትከሻቸው ላይ ጣል የሚያደርጉ ሰው ነበሩ። በአበጋር ጉባኤ ትልቅ ነገር የቀረበ ዕለት መልስ አይሰጥም። ሰው ይሰማል፣ ቤቱ ገብቶ ያስብበታል፣ በሦስተኛው ቀን ይመለሳል። በሰማበት ቀን እሺ ያለ ሰው፣ ነገሩን ከነገር አልቆጠረውም ይባላል። ስለዚህ ያን ዕለት እጅ አለማውጣታችን ወረቀቱን ማክበራችን ነበር። ጓድ ታደሰ ግን ሊያየው የሚችለው ሁለት መቶ ሰው ያደመበትን ነው።

አበጋር ሙሄ ወደ እኔ አዩና፣ ንገረው አሉኝ በኦሮምኛ። እሳቸው አማርኛ ከኔ አብልጠው ያውቃሉ፤ በወጣትነታቸው ደሴ ቁርኣን ቀርተዋል። በጉባኤ ላይ ግን ከአባቶቻቸው አፍ በቀር አይናገሩም። ይህም ሥርዓት ነው። ተነስቼ ሥርዓቱን አስረዳሁት። እሱም ሌሎች ማኅበራት እስከ ምሳ ጨርሰው ወደ ሽልሻሏቸው መሄዳቸውን ነገረን። አበጋርም በእኔ በኩል፣ መንግሥት ይህን ወረቀት ለማዘጋጀት ዓመታት እንደፈጀበት አሁን ነግረኸናል፣ ለእኛ ሦስት ቀን ይበዛብናል ወይ ብለው ጠየቁት። ይህን ሳልቀንስ ነገርኩት፤ የሚያስፈራ ነገር የለበትማ። ጓድ ታደሰም እስከዚያ ሁለት ማኅበራት አዳርሶ ሐሙስ እንደሚመለስ ተናገረ።

ማክሰኞና ረቡዕ ከዙሁር ሶላት በኋላ ሽማግሌዎቹ አበጋር ግቢ ተቀመጡ። አሥራ አንድ ነበሩ። እኔም ቃል አድራሽ ተብዬ ተጠራሁ። መልሱ ለሌላ ወገን የሚደርስ ከሆነ አንድ ቃል አድራሽ ይመረጣል፤ ቃሉን በጉባኤው ፊት ሦስት ጊዜ ደግሞ ካስመሰከረ በኋላ አይጨምርም፣ አይቀንስም። ይህን ሥራ ከዚያ በፊት ሠርቼው አላውቅም። ኩራት ተሰማኝ።

ክርክሩ ረጅም ነበር። በሬዲዮ ረቂቁ በብዙ ቋንቋ መተርጎሙን፣ በኦሮምኛም መታተሙን ሰምተናል። ይመር የኦሮምኛውን አንድ ቅጂ እንዲሰጠን ጓድ ታደሰን ጠይቆት ነበር። እሱ ለእነ ወለጋና ለእነ ሐረርጌ ነው፣ እናንተ እኮ ወሎዬዎች ናችሁ ብሎ መለሰለት።

ሸምሱ የሚባል ቀልደኛ ሽማግሌ ይህን ሲሰማ ጫቱን ከጉንጩ ወደ ጉንጩ አሳልፎ፣ “ወሎዬ መሆኔን እናቴም ታውቃለች፤ በምን አፍ እንዳሳደገችኝም እሷው ታውቃለች” አለ።

ሌላው ዝም ብለን እንለፍ አለ። እስከ ዛሬ የቆየነው ዝም ብለን ነው፣ በየመንግሥቱ ሲቆጥሩን ከዚህም ከዚያም ሲያደርጉን ኖረናል፣ አሁንስ ምን ተለየ ብሎ ተከራከረ። ከእሱ ጋር የሆኑ ነበሩ። አበጋር ሁሉንም ሰምተው ረቡዕ ወደ አሥር ሰዓት ላይ ቃሉን አሰሩት። እንዲህ ነበር፦

“ወረቀቱን ሰምተነዋል። ሰው ሁሉ እኩል ነው ማለቱ መልካም ነው። ለወንድሞቻችን በአፋቸው ተጽፎላቸዋል፤ ለእኛ አልተጻፈልንም፤ እዚህ መኖራችንን የሚያውቅ የለም ማለት ነው። ወረቀቱ እኛን ሳያውቅ እኛ ወረቀቱን አወቅነው ብንል ሐሰት ይሆናል። ሸንጎው ላይ ስለ እኛ የሚናገረው ሰው አፋችንን የሚያውቅ ይሁን። እኛ እንምረጠው፤ ተመርጦ አይላክልን። ይህን ጻፉልን። ከዚያ ደግሞ እናንተ ሦስት ቀን አስቡበትና መልሱልን።”

ሦስት ጊዜ ደገምኩት። ሦስቴም ኤዬ፣ እሱ ነው አሉ።

ወደ ቤት ስመለስ ይመር ማሳዬ ዳር ቆሞ ጠበቀኝ። ቃሉ ምን እንደሆነ አስቀድሞ ሰምቷል። ከወዲያኛው ማኅበር አንድ ሰው ይህንኑ የቋንቋ ነገር አንስቶ ጠባብ ብሔርተኛ ተብሎ ስሙ እንደተጻፈ ነገረኝ።

“አያ ከድር፣ አንተ እኮ ታውቅበታለህ” አለኝ። “ትንሽ አለስልሳት። በሬ ስትሸጥ እንደምታደርጋት። ሽማግሌውን ከነሽበታቸው ደሴ ወስደው ቢያስሯቸው የሚመልሳቸው ማን ነው?”

እምቢ አላልኩትም። ያን ሌት የአበጋርን ቃል ሳይሆን የይመርን ቃል ሳገላብጥ አነጋሁ።

ሐሙስ ዝናብ አልነበረም። አዳራሹ ከሰኞው ይልቅ ሞልቷል። አበጋር ሙሄ ተነሱ፣ ቢስሚላሂ ብለው ቃሉን ተናገሩ። አልቸኮሉም፣ አልጮሁም። እኔ ከጎናቸው ቆሜ የጓድ ታደሰን እጅ ነበር የማየው። እስክሪብቶው ክፍት ነው፣ ቃለ ጉባኤ የሚጽፍበት ጥራዝ ጉልበቱ ላይ ነው። አበጋር ጨርሰው ወደ እኔ ዞሩ። የሁሉም ዓይን እኔ ላይ ሆነ።

ቃሉ ከነሙሉው አፌ ውስጥ ነበር። አልረሳሁትም። ይህን የምለው አንባቢ ምናልባት ፈርቶ ጠፋበት ብሎ እንዳያስብልኝ ነው።

“አበጋር የሚሉት፣” አልኩ፣ “ወረቀቱን ሰምተነዋል፣ ሰው ሁሉ እኩል ነው ማለቱን በደስታ ተቀብለነዋል። ለሸንጎውም ጥሩ ሰው እንዲመረጥ ዱዓ እናደርጋለን ነው።”

አዳራሹ ውስጥ ከግማሽ የሚበልጠው ሰው ሁለቱንም ቋንቋ ይሰማል። አንድ ሰው እንኳ አላጉረመረመም። በጉባኤ ላይ ቃል አድራሽ አይቋረጥም። አበጋርም ተቀመጡ። ፊታቸው ላይ ምንም አላየሁም።

ጓድ ታደሰ ቀና ብሎ ረጅም ጊዜ አየኝ። ከዚያ ጻፈ። እጅ አውጡ ሳይል፣ ሳይቆጥር፣ “በሙሉ ድምፅ ተደግፏል” አለና ጥራዙን ዘጋው። ይመር አጨበጨበ። ጥቂት ሰዎች ተከተሉት። እኔ ደስ ብሎኛል፤ እውነቱን ልናገር፣ በዚያች ቅጽበት አንድ ትልቅ በሬ ያለ ጠብ የሸጥኩ ያህል ነው የተሰማኝ።

አበጋር ሙሄ ሰላምታ ሳይሰጡኝ ወጡ። በቦርከና ወንዝ በኩል ባለው መንገድ ተከተልኳቸው። ደረስኩባቸው፤ አላቆሙም። ጥቂት ከሄድን በኋላ ፊታቸውን ሳያዞሩ ተናገሩ። የተናገርነው በኦሮምኛ ነው።

“ከድር፣ ዛሬ ስንት አወጣሁልህ?”

“ምኑን አባ?”

“የሸጥከኝን።”

አንገቴን ደፋሁ። ፈርቼ ነው አልኳቸው። ለራስህ ነው ወይ አሉኝ። ወላሂ ለእርስዎ ነው አልኩ፤ እውነቴን ነበር። ያን ጊዜ ቆሙ።

“እኔ ፍራልኝ ብዬሃለሁ?” አሉ። “የምታሰርበትን ቃል ቆጥሬ፣ መዝኜ፣ ሁለት ቀን ከአሥር ሰው ጋር ተቀምጬበት ነው የሰጠሁህ። መታሰሩም የእኔ ነበር፤ ከቃሉ ጋር አብሮ የእኔ ነበር። አንተ ሁለቱንም ወሰድክብኝ። ልጆቻችን ነገ ያን ወረቀት ቢከፍቱ የሚያገኙት ምንድን ነው? ጨፋ በደስታ ተቀበለ የሚል ነው። የነበርን ሰዎች ነን፤ አንተ እንዳልነበርን አድርገህ አጻፍከን። መንግሥት የረሳን ሳያውቅ ነው እንበል። አንተ ግን ታውቀናለህ።”

አልተቆጡም። ይህን ሁሉ የተናገሩት የእህል ዋጋ እንደሚናገር ሰው ነው። አሁን ምን ላድርግ ብዬ ጠየቅኋቸው።

“ሀዬ፣ ሂድ። ከጣልክበት አምጣው” ብለው መንገዳቸውን ቀጠሉ። ሀዬ በእኛ አፍ እሺ ማለት ነው።

ጓድ ታደሰ ይመር ቤት አድሮ ዓርብ ጠዋት ወደ ከሚሴ ሊመለስ ነው። ጥራዙ አብሮት ከሄደ ነገሩ አለቀ። ዓርብ ጎህ ሲቀድ ሰግጄ ወጣሁ። ሚስቴ ዘሀራ የት ነው ስትለኝ ነገርኳት። ልትከለክለኝ ነው ብዬ ስጠብቅ ፎጣዬን አቀበለችኝና፣ ትናንት ሴቶቹ ወንዝ ዳር ሲያዩኝ ወሬያቸውን አቆሙ አለችኝ። ሌላ አልጨመረችም።

ስደርስ ይመር ሽልሻሎ ወጥቷል። ጓድ ታደሰ ከበሩ መቃን ላይ ትንሽ መስተዋት ሰክቶ ጢሙን ይላጫል። ሰላም አልኩት። በመስተዋቱ ውስጥ አየኝ።

“ጓድ፣ ትናንት ከሽማግሌው ቃል ያስቀረሁት አለ” አልኩ። “ልነግርህ መጥቻለሁ፤ ጻፍልኝ።”

መላጨቱን አላቆመም። አንዱን ጉንጩን ጨረሰና ምላጩን ጣሳው ውስጥ አለቀለቀ። ከዚያ በኦሮምኛ መለሰልኝ። የእኛ ኦሮምኛ አይደለም፣ የወለጋ ነው። ግን ጥርት ያለ ነው።

“ምን እንዳስቀረህ አውቃለሁ። ለወንድሞቻችን በአፋቸው ተጽፎላቸዋል የሚለውን አስቀርተሃል። ተመርጦ አይላክልን የሚለውን አስቀርተሃል። ሦስት ቀን አስቡበት የሚለውንም።”

ደጃፉ ላይ ካለው ግንድ ላይ ተቀመጥኩ።

እሱ እየተላጨ ነገረኝ። እናቱ አንድ ቃል አማርኛ አትሰማም። ትምህርት ቤት በገባ ጊዜ ስለተሳቀበት ቋንቋውን ደብቆ አደገ። ሥራ ከያዘ ወዲህ ደግሞ የት አገር ነህ ለሚለው ሁሉ አዲስ አበባ ነው የሚለው። እኔ ትናንት ባሳጠርኩለት ጊዜ አላህ መልአክ የላከለት ያህል ነው የተሰማው። በሙሉው ተርጉሜው ቢሆን እንደ ሰማ ሆኖ መጻፍ ግድ ይሆንበት ነበር፤ ከጻፈ ደግሞ ሽማግሌው ይጠራሉ፣ እሱም ለምን ዝም አልክ ይባላል። ስለዚህ ሁላችንም ተርፈናል፣ ወደ ቤትህ ሂድ አለኝ።

ይህን በሰማሁ ጊዜ ያየሁትን ልንገራችሁ። አበጋር አማርኛውን ያውቃሉ፤ ካድሬው ኦሮምኛውን ያውቃል። እኔ በሁለት የሚሰሙ ሰዎች መካከል ቆሜ ነው የዋሸሁት። ከሦስታችን የተታለልኩት እኔ ብቻ ነበርኩ። ገበያ ላይ እንዲህ ደርሶብኝ አያውቅም።

“ቢሆንም ጻፈው” አልኩት።

“ስም ይፈልጋል። ማን አለው ልበል?”

“እኔን በል።”

“ቃሉ የአንተ ነው?”

አይደለም አልኩ። እንግዲያስ የአንተን ስም አልጽፍም፣ የእሳቸውን ደግሞ ያለ ፈቃዳቸው አልጽፍም አለኝ። ፊቱን በፎጣ ጠረገ። የሚሄድበት በቅሎ ተጭኖ ቆሟል። ልሂድና ላምጣቸው፣ ጠብቀኝ ብዬ ለመንኩት፤ ፀሐይ ሳይበረታ መድረስ እንዳለበት ነገረኝ። ቃሉ ሊሄድ ነው።

ይህን ስንነጋገር አበጋር ሙሄ በአጥሩ በር ገቡ። ከዘራቸው ጭቃ በጭቃ ሆኗል፤ ከቤታቸው እስከዚያ ድረስ በእግራቸው ነው የመጡት። እኔን ሲያዩ ትንሽ ደንገጥ አሉ። ኋላ እንዳሰብኩት፣ የላኩኝ ቢሆንም እሄዳለሁ ብለው አላመኑኝም ነበር።

ጓድ ታደሰ ብድግ ብሎ በኦሮምኛ ሰላምታ ሰጣቸው፣ እንደ ልጅ ጎንበስ ብሎ። አበጋር አልገረማቸውም። መሬት ላይ ነጠላቸውን አስተካክለው ተቀመጡና በአማርኛ መለሱለት። ጉባኤው ስለተበተነ እንደፈለጉ መናገር ይችላሉ።

“ልጄ፣ ያን ደብተር ክፈተው” አሉት።

“አባ፣ ይጠይቁዎታል፤ እኔንም ይጠይቁኛል” አለ በኦሮምኛ።

“ይጠይቁን እንጂ። እስከ ዛሬ የጠየቀን የለም።”

እሳቸው በአማርኛ እየተናገሩ፣ እሱ በኦሮምኛ እየመለሰ፣ ቃሉ ተጻፈ። እንግዳ እንደሚያከብር ሰው አንዱ የሌላውን አፍ ይዞ። እኔ መሐላቸው ግንዱ ላይ ተቀምጫለሁ፤ የሚፈልገኝ አልነበረም። እኔ በኖርኩበት ዕድሜ ሁለት ሰው ተቀምጦ ሲነጋገር ያለ ሥራ የቀረሁት ያን ዕለት ብቻ ነው። ሲጨርሱ መልሶ አነበበላቸው። አበጋር በጣት አሻራቸው ፈረሙ፤ ቀለሙን ለመጥረግ ነጠላቸውን ሳይሆን ቅጠል ቆርጠው ተጠቀሙ። ጓድ ታደሰ ከጣት አሻራቸው ሥር ስማቸውን ጻፈ፣ ከዚያ ፈረመ። ጥራዙን ካኪው ሥር ሸጉጦ በቅሎው ላይ ወጣ።

ከዚያ ወዲህ ጠበቅን። ከከሚሴ በኩል መኪና ሲያጓራ በሰማሁ ቁጥር ከሥራዬ ቀና እላለሁ። አበጋር ሁለት ጋቢ አጥበው አስቀምጠው ነበር ይባላል፤ ለእስር ቤት። ሳምንት አለፈ፣ ወር አለፈ። የመጣ የለም። የጠየቀም የለም። ያን ጥራዝ ከብዙ ጥራዝ ጋር አስረው አንድ ቦታ አስቀምጠውት ይሆናል። ሕገ መንግሥቱ ድምፅ ተሰጥቶበት ጸደቀ። ለሸንጎም ሰው ተመረጠ፤ የተመረጠልን ሰው ለእኛ ሲናገር አስተርጓሚ አስፈልጎታል። ለአስተርጓሚነት ያቆሙት ግን እኔን አልነበረም። ጓድ ታደሰን ዳግም አላየሁትም።

እኔን ማንም አልሰደበኝም። ቃል ግን በእኔ በኩል መላክ አቆሙ። ለሠርግ ጥሪ፣ ለእርቅ፣ ለምንም። አንድ ጎረቤቴ እናቱ ማረፏን ለወዲያኛው መንደር ሊልክ ሲፈልግ፣ እኔ ጫማዬን አጥልቄ እያየሁ ሌላ ሰው ላከ። የሰንበቴን ድለላ በዚያው ዓመት ተውኩት። ሰው አስተወኝ ማለቴ አይደለም። ገዢው፣ በሬህ ቆሞ የሞተ ነው ሲል እኔም ሻጩን፣ በሬህ ቆሞ የሞተ ነው ይልሃል እለው ጀመር፤ እንዲህ እያሉ ደግሞ የድለላ ሥራ አይሆንም።

አንባቢዎቼ፣ ምናልባት እኔ ብሆን እኔም አሳጥረው ነበር ትሉ ይሆናል። እኔም ይመርም ክፉ ሰዎች አልነበርንም። ሽማግሌው እንዳይታሰሩ ነው የፈለግነው። ግን አንድ ሕዝብ ስሙን ከወረቀት ላይ ሲያጣ፣ ያጠፋው ሩቅ ያለ ባለሥልጣን ብቻ ነው ብላችሁ አታስቡ። ከጎኑ ቆሞ የሚያዝንለት፣ ለሱ የሚፈራለት፣ ለስላሳ አፍ ያለውም ሰው አለበት። እኔ ይህን የማውቀው ስለተማርኩ አይደለም፤ ስላደረግኩት ነው።

አበጋር ሙሄ መንግሥት ሳይለወጥ ሞቱ። በታመሙ ጊዜ ልጠይቃቸው ሄጄ ነበር። ስለዚያ ነገር አላነሱብኝም፣ ስለ ማሽላው ብቻ ጠየቁኝ።

መንግሥት ተለውጦ፣ ለእኛም በስማችን ዞን ተሰጥቶን፣ ደግሞ ሌላ ረቂቅ ሕገ መንግሥት ለውይይት መጣ። ኦሮምኛ የማይሰሙ እንግዶች ከበላይ መጥተው ስለነበር አስተርጓሚ ተፈለገ። ወጣቶቹ የድሮውን ነገር ስለማያውቁ እኔን አቆሙኝ። እምቢ ብል ምክንያቱን መናገር ሊኖርብኝ ነው፤ ቆምኩ።

መጀመሪያ እጁን ያወጣው ከወዲያ ማዶ የመጣ፣ በመልክ የማላውቀው ሽማግሌ ነው። ተነስቶ በኦሮምኛ ተናገረ። እንግዶቹ ወደ እኔ ዞሩ።

“እኚህ ሰው የሚሉት፣” አልኩ፣ “ከመናገሬ በፊት አንድ ነገር አለኝ። ቃሌን የሚያደርስልኝ ከድር የሚባለው ሰው የአበጋር ሙሄን ቃል እንደ በሬ ዋጋ የቆረጠ ደላላ ነው። ሁለቱንም ቋንቋ የምትሰሙ አፉን ጠብቁልኝ ነው።”

ከእንግዶቹ አንዱ ግራ ገብቶት፣ “ከድር የሚባለው የትኛው ነው?” አለ።

“እኔ ነኝ” አልኩ።

ሽማግሌውም ቃሉ ሳይጎድል መድረሱን ሰምቶ፣ “ሀዬ” አለና ወደ ጉዳዩ ገባ።